ልጃችን «በጆሮው የሚማር» ነውን?

ቢስሚላሂ አር-ረሕማኒ አር-ረሒም። 

ልጆቻቸውን ቁርኣን ሊያስቀሩ ከሚመጡ ወላጆች አንዳንዶቹ «ልጄ የሚማረው በጆሮው ነው፤ መጻፉ ይቅርበትና ከስልክ ይስማ» ይሉናል። ሐሳቡ ከሜዳ የመጣ አይደለም። ተማሪን በማየት፣ በመስማት፣ በማንበብና በመሥራት የሚማር ብሎ መክፈል፣ እ.ኤ.አ. በ1992 ኒል ፍሌሚንግና ኮሊን ሚልስ ካሳተሙት ጽሑፍ ወዲህ በብዙ አገር ተሰራጭቷል።

ነገሩ እውነት ቢሆን «የጆሮ ተማሪ» ሲሰማ፣ «የዓይን ተማሪ» ሲያነብ የበለጠ መያዝ ነበረበት። እ.ኤ.አ. በ2008 ሃሮልድ ፓሽለርና ሦስት ባልደረቦቹ የቀደሙትን ጥናቶች በዚህ ሚዛን መዝነው በቂ ማስረጃ አላገኙም። በ2015 ደግሞ ቤዝ ሮጎውስኪና ባልደረቦቿ አንዱን ጽሑፍ ለከፊሎቹ ጎልማሶች በድምፅ፣ ለከፊሎቹ በንባብ አቅርበው ፈተኗቸው። ሰዎቹ «ይስማማኛል» ያሉት መንገድ በውጤታቸው ላይ ለውጥ አላመጣም። ማዳመጥ የሚወድ ልጅ የለም አላልንም፤ መውደድና መያዝ ግን ይለያያሉ።

ማየት ወይም መስማት የተሳነው ልጅ ጉዳይ ሌላ ነው፤ ብሬይሉም የምልክት ቋንቋውም ሐቁ ነው። ፊደል ያልለየና ጁዝእ ዐመን የጨረሰም በአንድ ደርስ አይቀመጡም።

መንገዱን የሚወስነው ትምህርቱ ራሱ ነው። የፊደላት መኽረጅ ከኡስታዙ አፍ ካልተሰማ አይያዝም፤ አጻጻፋቸው ደግሞ በመስማት ብቻ አይገኝም። ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ.) ንግግራቸው እንዲያዝ ሦስት ጊዜ ይደግሙ እንደነበር፣ ስለ ሰው ልጅ ምኞትና አጀል ሲያስተምሩም መስመር እንዳሰመሩ ኢማም ቡኻሪ ዘግበዋል።

የሉሑን ነገር ደግሞ ተመልከቱ። ደረሳው ይጽፋል፣ እያየ ጮክ ብሎ ይቀራል፣ በመጨረሻም ሳያይ ለኡስታዙ ያሰማል። ትልቁ ጥቅም ያለው እዚህ ማሰማቱ ላይ ነው። እ.ኤ.አ. በ2006 ሄንሪ ሮዲገርና ጄፍሪ ካርፒኪ ባሳተሙት ሙከራ፣ ከአምስት ደቂቃ በኋላ ሲጠየቁ ደጋግመው ያነበቡት ተማሪዎች በለጡ፤ ከሳምንት በኋላ ግን ሳያዩ ለማስታወስ የታገሉት በለጧቸው።

«ጆሮ ብቻ» የሚል ስም የወጣለት ልጅ ብዙ ሱራ በቃሉ ይዞ፣ ሙስሐፍ ሲገለጥለት አንድ መስመር ማንበብ ሊያቅተው ይችላል። ይህ ለልጁ ትልቅ ጉዳት ነው።

ዛሬ ከመግሪብ በኋላ ሙስሐፉን ዝጉና የትናንቱን ያሰማችሁ። ሲጠፋው ቶሎ አትንገሩት፣ ጥቂት ይፈልግ። በሳምንቱ ያንኑ መልሳችሁ ጠይቁት።