ደበበ እሸቱ፦ ከአዲስ አበባ መድረክ እስከ ኢየሩሳሌም

ደበበ እሸቱ በአገሩ የሚታወቀው በመድረክ ተዋናይነቱ ነው። በውጭ አገር ያዩት ሰዎች ደግሞ የሚያስታውሱት በጥቂት ፊልሞች ብቻ ነው። ከወጋየሁ ንጋቱ ጋር የአንድ ትውልድ ተዋናይ ሲሆን፣ እንደ እርሱ ሃንጋሪ ተምሮ ወደ አዲስ አበባ ተመልሷል። ዘመኑ ጸጋዬ ገብረ መድኅን፣ መንግሥቱ ለማና ተስፋዬ ገሠሠ ለቴአትር የሚጽፉበት ነበር፤ ለወጣት ተዋናይ ከዚህ የተሻለ ጊዜ ማሰብ ያስቸግራል።

የፊልም ዕድል ግን ጠባብ ነበር። የመጀመሪያው የአማርኛ ረጅም ፊልም «ሂሩት አባቷ ማነው?» በ1957 ዓ.ም. ከተሠራ በኋላ «ጉማ» እስኪመጣ ዘጠኝ ዓመት ገደማ አልፏል። የዚያን ጊዜ ተዋናዮች ምርጥ ሥራ በአብዛኛው መጋረጃው ሲዘጋ አብሮ የጠፋው ለዚህ ነው፤ ትልቅ ጉዳት ነው። ካሜራ ፊት የመቆም ዕድል ይዘው የሚመጡት በአመዛኙ የውጭ ፊልም ሠሪዎች ነበሩ።

ለደበበ ይህ ዕድል የመጣው «ሻፍት ኢን አፍሪካ» በተባለው የአሜሪካ ፊልም ነው። እንግሊዛዊው ጆን ጊለርሚን ያዘጋጀው፣ ከፊሉ ኢትዮጵያ ውስጥ የተቀረጸው ይህ ፊልም በ1973 እ.ኤ.አ. ለእይታ በቃ። ታሪኩ አፍሪካውያን ወጣቶችን ወደ አውሮፓ እያሻገሩ ጉልበታቸውን የሚበዘብዙ ነጋዴዎችን ይከተላል። መሪ ተዋናዩ ሪቻርድ ራውንድትሪ ሲሆን ደበበ ዋሳ የተባለውን ገጸ ባሕርይ ሆኖ ተጫውቷል። የአጃቢ ሚና ከባድ ነው፤ ተዋናዩ በጥቂት ትዕይንት ሙሉ ሰው መሆን አለበት።

በኋላ ደበበ ወደ ፖለቲካ ገባ። ቅንጅት በተባለው ተቃዋሚ ፓርቲ ውስጥ በሕዝብ ግንኙነት ሠርቶ፣ ከ1997 ዓ.ም. ምርጫ ቀውስ በኋላ ከፓርቲው መሪዎች ጋር ታስሮ በ1999 ዓ.ም. በይቅርታ ተፈታ።

መሪ የፊልም ሚና ያገኘው ከ«ሻፍት ኢን አፍሪካ» 40 ዓመት ያህል ቆይቶ ነው። ትውልደ ኢትዮጵያዊው እስራኤላዊ ዳይሬክተር ባዚ ጌቴ በ2014 እ.ኤ.አ. ባቀረበው «ቀይ ቅጠሎች» ላይ መሰጋንዮ የተባለውን የ74 ዓመት ቤተ እስራኤላዊ ሆኖ ተወነ። ሰውየው ሚስቱ ከሞተች በኋላ ቤቱን ሸጦ በየልጆቹ ቤት ሊኖር ይነሣል፤ ልጆቹ ግን የአዲሱን አገር ኑሮ ለምደዋል፣ የአባትነት ሥልጣኑም እንደ ድሮው አይሠራም። ዳይሬክተሩ መነሻ ያደረገው የሼክስፒርን «ንጉሥ ሊር» ነው። ደበበ በዚህ ሚና በዚያው ዓመት በኢየሩሳሌም የፊልም ፌስቲቫል የምርጥ ተዋናይነት ሽልማት ተቀብሏል።