የሰሊጥ ፓስታ በሳሪስ ማድ ቤት

በዐቢይ ጾም በአንዱ ዓርብ፣ ከቀኑ በዘጠኝ ሰዓት ግድም፣ ከጎተራ ተነሥቶ በንፋስ ስልክ በኩል ወደ ሳሪስ የሚወርድ መንገደኛ ዓይኑን ጨፍኖ ቢሄድ እንኳ የሰፈሩን ምሳ በአፍንጫው ሊያውቀው ይችላል። በአንደኛው ቤት ሽሮ ይንተከተካል፤ በሁለተኛው የምስር ወጥ ይቁላላል፤ በሦስተኛው ደግሞ ቲማቲምና ነጭ ሽንኩርት በዘይት ተጠብሶ ለፓስታ የሚሆን ሱጎ ይዘጋጃል። ሦስቱም ሽታዎች የሰፈሩ ቤተኞች ናቸው። አንባቢ ሆይ፣ ዛሬ የምናወሳልዎ ግን አራተኛውን ነው። ይኸውም የተቆላ ሰሊጥ፣ ዝንጅብልና ትኩስ ዘይት የፈሰሰበት በርበሬ በአንድነት የሚሰጡት መዓዛ ነው። ምግቡ የሩቅ ምሥራቅን ወግ የተከተለ፣ በርከት ያለ ቅመም የገባበት የፓስታ ማባያ ነው።

መቸም ንፋስ ስልክ ከሩቅ የመጣ ነገር አያስደንቀውም። ስሙ ራሱ ያለ ሽቦ፣ በነፋስ ከሚተላለፈው ስልክ የተወሰደ ነው ይባላል።

ፓስታ የማን ነው?

ፓስታ በአገራችን እንግዳ መባሉ ከቀረ ብዙ ዘመን ሆኖታል። የጣልያን ወራሪ ጦር ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. በኢትዮጵያ በቆየባቸው ዓመታት ምግቡ በከተሞቻችን ተስፋፋ። ወራሪው ተባርሮ ሲሄድ ፓስታው ከነስሙ ቀረ፤ መኮሮኒ፣ ሱጎ፣ አቼቶ የተባሉት ቃላትም አብረው ቀሩ። የቤት እመቤቶቻችን ግን እንደ መጣ አልተዉትም። ሱጎውን በበርበሬ አቅልተው፣ ፓስታውን በእንጀራ ላይ አቅርበው የራሳቸው አደረጉት። ለፓስታ የሚስማማው ዱረም የተባለው ጠንካራ ስንዴም ቢሆን ለምድራችን ባዕድ አይደለም። የሩሲያው የዕፅዋት ሊቅ ኒኮላይ ቫቪሎቭ በ1919 ዓ.ም. ኢትዮጵያን በጎበኘ ጊዜ የጠንካራ ስንዴ ዐይነቶች በአገራችን መብዛታቸውን አይቶ እጅግ ተደንቆ ነበር።

ብዙ ሰው ፓስታን ከቻይና ወደ ጣልያን ያመጣው መንገደኛው ማርኮ ፖሎ ነው ሲል ይሰማል። ነገሩ ግን ተረት ነው። ማርኮ ፖሎ ወደ ቬኒስ የተመለሰው በአውሮፓ አቈጣጠር በ1295 ሲሆን፣ አል ኢድሪሲ የተባለው የዓረብ ጂኦግራፊ ሊቅ ግን በ1154 በሲሲሊ ደሴት ትራቢያ በምትባል መንደር ክር መሰል የስንዴ ምግብ በብዛት እየተሠራ ወደ ሌላ አገር እንደሚጫን ጽፎ ነበር። ቻይናም በበኩሏ የራሷ ጥንታዊ ምግብ አላት። ላጂያ በተባለ ስፍራ ከመሬት በታች ተገልብጦ የተገኘ አንድ የሸክላ ሳህን 4000 ዓመት ገደማ የሆነው፣ ከማሽላ መሰል ጥቃቅን እህል የተሠራ ክር መሰል ምግብ ይዞ ተገኝቷል። ስለዚህ ሁለቱ ሕዝቦች በየራሳቸው መንገድ ሄደው አንድ ዐይነት ገበታ ላይ ደርሰዋል ማለት ይቻላል።

በርበሬስ ቢሆን? የቻይናው የሲቹዋን ክፍለ ሀገር ሕዝብ እንደ እኛው ያለ በርበሬ የማይበላ ይመስላል። ሆኖም በርበሬ የትውልድ አገሩ አሜሪካ ነው፤ ወደ እነሱም ወደ እኛም የመጣው የአውሮፓ መርከቦች ወደ አሜሪካ መመላለስ ከጀመሩ በኋላ ነው። በሲቹዋን ምግብ አዟሪዎች በትከሻቸው ላይ አግድም እንጨት ተሸክመው፣ በአንዱ ጫፍ ድስቱን በሌላው ጫፍ ሳህኑን አንጠልጥለው በየመንገዱ ይሸጡት የነበረው በበርበሬ ዘይት የተለወሰ ምግብ ስሙን ያገኘው ከዚያው መሸከሚያ እንጨት ነው። ሰሊጥ ተወቅጦ የሚገባበት፣ ቀዝቅዞ የሚበላም ዐይነት አላቸው። ወደ ሳሪስ የደረሰው ይኸኛው ነው።

አንድ ሳህን የጎደለበት ገበታ

ከምኒልክ አደባባይ ተነሥቶ በጎተራ፣ በንፋስ ስልክና በሳሪስ አልፎ ቃሊቲ የሚደርሰው የቀላል ባቡር በመስከረም 2008 ዓ.ም. ሥራ ጀመረ። ሐዲዱ በሚዘረጋባቸው ዓመታት የቻይና መሐንዲሶችና የሰፈሩ ወጣቶች ጎን ለጎን ሲሠሩ ይውሉ ነበር። በሳሪስ የሚኖሩ አንዲት ጎረቤታችን ወንድ ልጃቸው ከእነዚሁ ወጣቶች አንዱ ነበር። ባለቤታቸው ካረፉ ወዲህ በገበታቸው የሚቀመጡት ሦስት ሰዎች ብቻ ናቸው፤ እሳቸው፣ አሮጊት እናታቸውና ይኸው ልጅ።

ልጁ በሥራው ቦታ ከቻይናዎቹ ጋር ምሳ እየበላ የበርበሬና የሰሊጥ ፓስታቸውን ለመደ። ዐቢይ ጾም ገብቶ እናቱ እንደ ወትሮው ፓስታ በሱጎ ባቀረቡለት ጊዜ ሹካውን እያንቀሳቀሰ ዝም አለ።

«ምነው ልጄ፣ አልጣመህም?» ቢሉት፣

«ጥሩ ነው እማዬ፤ ግን ሁልጊዜ አንድ ዐይነት ነው» አላቸው።

«ጾም የምላስ ድግስ ነው ያለህ ማነው?» ብለው ሳቁ። ነገር ግን ልጁ ከዚያ ቀን ወዲህ ምሳውን በውጭ እየበላ ይመጣ ጀመር። በገበታው ላይ አንድ ሳህን ጎደለ። እናቲቱ ለማንም ሳይናገሩ ይህን ነገር በልባቸው ያዙት።

አንድ ቀን ሊያስደስቱት ብለው ከሱቅ ጥቁር ማጣፈጫ የሞላበት ጠርሙስ ገዙ። ፓስታውን በጧት ቀቅለው በትኩሱ በድስቱ ውስጥ ከድነው ተዉት፤ በዘጠኝ ሰዓት ሲከፍቱት እንደ ሙጫ ተጣብቆ አንድ ጉብታ ሆኖ ጠበቃቸው። እንደ ምንም ፈልፍለው የጠርሙሱን ግማሽ አፈሰሱበትና አቀረቡ። ልጁ ጠርሙሱን አንሥቶ ጽሑፉን ሲያነብ ፊቱ ተለዋወጠ።

«እማዬ፣ ይኸ እኮ ኦይስተር ነው የሚለው፤ በባሕር ውስጥ የሚኖር ዛጎል ለባሽ እንስሳ ነው።»

አያቲቱ አማተቡና ሳህናቸውን ወዲያ ገፉት። ምግብ መጣል ነውር ስለ ሆነ ድስቱ እንዳለ ለማይጾሙ ጎረቤቶች ተላከ። ጎረቤቶቹም አመስግነው፣ «ጨው ግን በዝቶበታል» የሚል መልእክት ጨምረው ድስቱን መለሱ።

ማታ ቡና ተፈልቶ ሲጠጣ ልጁ ቻይናዎቹ እንዴት እንደሚሠሩት ያስረዳ ጀመር። አያቲቱ በጥሞና አደመጡና፣

«ሰሊጡ ይቆላል?» አሉት።

«አዎ እማማ።»

«ይወቀጣል?»

«ይወቀጣል።»

«በውኃ ተበጥብጦ ዝንጅብልና ነጭ ሽንኩርት ይገባበታል?»

«ይገባበታል።»

«እንግዲያው ይኸ የኛው ሱፍ ፍትፍት ነዋ! እንጀራው ብቻ ነው የተለወጠው» አሉ።

አሮጊቷ ነገሩን በአንድ ቃል ፈቱት። ሱፍ፣ ተልባና ሰሊጥ ቆልቶ፣ ወቅጦ፣ በጥብጦ፣ ቀዝቃዛ የጾም ማባያ መሥራት የአገራችን ባልትና ከጥንት የሚያውቀው ሙያ ነው። ሰሊጥ ደግሞ በሁመራና በመተማ በብዛት ይበቅላል፤ ከቡና ቀጥሎ ወደ ውጭ ከምንልካቸው ዋና ዋና ሰብሎች አንዱ ሲሆን፣ ቻይና ከታላላቆቹ ገዥዎች አንዷ ናት። ለምግቡ ዋና የሆነው ነገር በሙቀጫችን አጠገብ ሳለ ዘይቱን በትንሽ ጠርሙስ፣ በትልቅ ዋጋ መግዛት ግድ አይደለም።

አሠራሩ

ለስድስት ሰው ማባያ የሚሆን፦ ግማሽ ኪሎ ፓስታ፤ አንድ የሻይ ብርጭቆ የተለቀመና የታጠበ ሰሊጥ፤ አራት የሾርባ ማንኪያ የአኩሪ አተር ሶስ፤ ሁለት የሾርባ ማንኪያ አቼቶ፤ አንድ የሾርባ ማንኪያ ስኳር፤ አራት ፍንካች ነጭ ሽንኩርት፤ የአውራ ጣት ያህል ዝንጅብል፤ አንድ የሾርባ ማንኪያ በርበሬ፤ አንድ የሻይ ማንኪያ ሚጥሚጣ፤ ስድስት የሾርባ ማንኪያ ዘይት፤ ሁለት ካሮት፤ ሩብ ጥቅል ጎመን፤ ሁለት ቃሪያ፤ አንድ እፍኝ የተቆላ ለውዝ።

በመጀመሪያ ሰሊጡን ያለ ዘይት በመጥበሻ ላይ በለስላሳ እሳት እያማሰሉ ይቁሉት። ወርቅማ መልክ ይዞ መንጣጣት ሲጀምር ያውጡት፤ ከዚያ ካለፈ ይመርራል። ሲበርድ ይወቅጡት ወይም ይፍጩት።

ሁለተኛ፣ በርበሬውንና ሚጥሚጣውን በብረት ወይም በሸክላ ጎድጓዳ ዕቃ ያድርጉ። አራት ማንኪያውን ዘይት አግለው ከእሳት ያውጡና ጥቂት ከታገሡ በኋላ በላዩ ያፍስሱት። ለወጥ እንደሚደረገው በርበሬውን ለብዙ ጊዜ ማቁላላት አያስፈልግም። ዘይቱ ቢጤስ በርበሬው ያርና ይጠቁራል፤ በመጠኑ ከጋለ ግን ቀይ ሆኖ መዓዛው ይወጣል።

ሦስተኛ፣ ፓስታውን ጨው በገባበት ብዙ ውኃ ይቀቅሉ። እዚህ ላይ አንድ ነገር ያስተውሉ። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ ከ2300 ሜትር በላይ ከፍ ያለች ስለ ሆነች፣ ውኃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ92 ዲግሪ ገደማ ነው። ስለዚህ በውጭ አገር ፓስታ ማሸጊያ ላይ የተጻፈው ደቂቃ ለእኛ አይበቃም። ሰዓቱን ትተው አንዱን ክር ቀምሰው ይፍረዱ፤ ለስልሶ መካከሉ ጥቂት ጠንከር ሲል ያውጡት።

ከማጥለልዎ በፊት ከመቀቀያው ውኃ አንድ ብርጭቆ ያስቀሩ። ፓስታውን አጥልለው ወዲያው በንጹሕ ቀዝቃዛ ውኃ ያለቅልቁት፤ ውኃው ሲንጠፈጠፍ የቀረውን ሁለት ማንኪያ ዘይት ያሹት። ጣልያኖች ይህን ቢያዩ ይቈጡ ይሆናል፤ በሱጎ ለሚበላ ፓስታ ማለቅለቅ አይገባምና። ቀዝቅዞ ለሚበላው ግን የሚያጣብቀው የዱቄቱ ዝልግልግ ስለ ሆነ ማጠቡ ግድ ነው። የጎረቤታችን ድስት የጎደለው ይኸው ነበር።

አራተኛ፣ በተወቀጠው ሰሊጥ ላይ ያስቀሩትን ውኃ ጥቂት በጥቂት እያፈሰሱ እንደ ወፍራም አጥሚት እስኪሆን ይበጥብጡት። የአኩሪ አተሩን ሶስ፣ አቼቶውን፣ ስኳሩን፣ የተደቆሰውን ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል፣ በመጨረሻም የበርበሬውን ዘይት ያግቡበት። ሶሱ ብዙ ጨው ስላለው ሳይቀምሱ ሌላ ጨው አይጨምሩ። ፓስታውን ለውሰው፣ በቀጭኑ የተከተፈውን ካሮት፣ ጎመንና ቃሪያ ቀላቅለው፣ ለውዙን ሰባብረው በላዩ ይነስንሱት።

ለጾመኛ ቤት ማሳሰቢያ

ከሩቅ ምሥራቅ ተቈልለው የሚመጡ ብዙ ፓስታ መሰል ምግቦች እንቁላል አለባቸው። በውስጣቸው በትንሽ ከረጢት የሚገኘው ማጣፈጫም የዶሮ ወይም የዓሣ ቅመም ሊይዝ ይችላል። ከዱቄትና ከውኃ ብቻ የተሠራው ተራ ደረቅ ፓስታ ከዚህ ሥጋት ነፃ ነው። የሆነ ሆኖ ጠርሙስም ሆነ ማሸጊያ ሲገዙ ጽሑፉን ማንበብ፣ ማንበብ ካልቻሉም ለሚያነብ ልጅ ማሳየት ከጸጸት ያድናል። በጧት የሚያዘጋጁ ከሆነ ፓስታውንና ማጣፈጫውን ለየብቻ በቀዝቃዛ ቦታ አስቀምጠው ሲቀርብ ይለውሱት፤ ውሎ አያድር።

በሳሪሱ ቤት በቀጣዩ ዓርብ ምን ሆነ? አያቲቱ ሰሊጡን በገዛ እጃቸው ቆሉ፤ ልጁ ወቀጠ፤ እናቲቱ ፓስታውን አለቀለቁ። ከሽሮው ጎን በትንሽ ሳህን ቀረበ። ልጁ ሁለት ጊዜ ጨመረ። አያቲቱ ግን ሹካውን ትተው፣ ፓስታውን በእንጀራ ጠቅልለው አንድ ትልቅ ጉርሻ ለልጅ ልጃቸው ዘረጉለት።

«እንግዲህ ወዲህ ምሳህን እዚሁ ትበላለህ» አሉት።

እሱም ጉርሻውን በአፉ ሞልቶ መናገር ስላልቻለ በራሱ ንቅናቄ እሺ አለ።