የሻየር ዘመን አቆጣጠር

የሻየር ዘመን አቆጣጠር እንግሊዛዊው ደራሲና የቋንቋ ሊቅ ጄ. አር. አር. ቶልኪን በምናቡ ለፈጠረው ዓለም ያበጀው ካሌንደር ነው። ባለቤቶቹ ሆቢት የሚባሉት ቁመተ አጭር ሕዝቦች ናቸው፤ ሻየር በምትባል ለምለም አገር እያረሱ ይኖራሉ። አቆጣጠሩ በዝርዝር የታተመው እ.ኤ.አ. በ1955 ሲሆን፣ የወጣውም «ዘ ሎርድ ኦፍ ዘ ሪንግስ» በተሰኘው ልቦለድ ሦስተኛ ቅጽ መጨረሻ ላይ ነው። የምናብ ዓለም ደራሲ ብዙውን ጊዜ እንግዳ የወር ስሞችን ደርድሮ ያልፋል። ይህኛው ግን ከመጀመሪያው ቀን እስከ መጨረሻው ድረስ ሒሳቡ የሚዘጋ፣ ሰው ሊኖርበት የሚችል ካሌንደር ነው።

ዓመቱ 12 ወራት አሉት፤ እያንዳንዱ ወር ያለ ልዩነት 30 ቀን ነው። ኢትዮጵያዊ አንባቢ እስከዚህ ድረስ ማብራሪያ አያስፈልገውም። ልዩነቱ የሚመጣው ከ360 በላይ የሚተርፉት አምስት ቀናት ሲደለደሉ ነው። የኢትዮጵያ አቆጣጠር አምስቱን ሰብስቦ በዓመቱ መጨረሻ ላይ ጳጉሜን ያደርጋቸዋል፤ የሻየር አቆጣጠር ግን ለሁለት ይከፍላቸዋል። ሁለቱ ዩል ይባላሉ፤ አንዱ የዓመቱ የመጨረሻ፣ ሌላው የአዲሱ ዓመት የመጀመሪያ ቀን ነው። የቀሩት ሦስቱ በስድስተኛውና በሰባተኛው ወር መካከል ይገባሉ፦ አንደኛ ላይዝ፣ የዓመት እኩሌታ እና ሁለተኛ ላይዝ። አምስቱም ከየትኛውም ወር አይቆጠሩም። ሁለቱም ወቅቶች የድግስ ናቸው፤ የዩል በዓል ከአሮጌው ዓመት ሦስት፣ ከአዲሱም ሦስት ቀን ይዞ ስድስት ቀን ይዘልቃል።

በየአራት ዓመቱ ከዓመት እኩሌታ ቀጥሎ ኦቨርላይዝ የሚባል አንድ ቀን ይጨመራል። የክፍለ ዘመኑ የመጨረሻ ዓመት ግን ይህ ጭማሪ የለውም። በኢትዮጵያ ስድስተኛዋ ጳጉሜን ምንም ሳታዛንፍ በየዘመነ ሉቃስ መጨረሻ ትመጣለች፤ በዚህ ረገድ ሻየር ወደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ይጠጋል።

የዚህ ካሌንደር ዋና ነገር ከሳምንቱ ጋር ያለው ዝምድና ነው። 365 ቀን 52 ሳምንትና አንድ ቀን ስለሆነ፣ በዓላት በየዓመቱ አንድ ቀን ይገፋሉ፤ ከጭማሪው ቀን በኋላ ደግሞ ሁለት። የ2016 ዓ.ም. እንቁጣጣሽ ማክሰኞ ነበር፤ የ2017ቱ ረቡዕ። ሆቢቶችም ቀድሞ እንዲሁ ይቆጥሩ ነበር። በታሪኩ መሠረት፣ ዳግማዊ አይሰንግሪም በተባለው የሻየር አለቃ ዘመን አንድ ማሻሻያ አደረጉ፦ የዓመት እኩሌታንና ኦቨርላይዝን ከሳምንቱ አወጧቸው። እነዚህ ቀናት ሰኞም ማክሰኞም አይባሉም፤ ስማቸው ብቻ ይበቃቸዋል። የቀሩት 364 ቀናት ልክ 52 ሳምንት ይሆናሉ። ስለዚህ እያንዳንዱ ዓመት ቅዳሜ ይጀምራል፣ ዓርብ ያልቃል። ቅዳሜ የሳምንቱ መጀመሪያ ነው፤ ዓርብ ደግሞ ከሰዓት በኋላ ሥራ የሚቆምበትና ማታ የሚበላበት የሚጠጣበት ትልቁ ቀን።

ከዚህ በኋላ አንድ ካሌንደር ለሁሉም ዓመት ይበቃል። የአንድ ሰው ልደት ሐሙስ ከዋለ ዕድሜውን ሙሉ ሐሙስ ነው። ሆቢቶች በደብዳቤያቸውም ሆነ በማስታወሻቸው ላይ የሳምንቱን ቀን መጻፍ ተዉ፤ ቀኑ ከተጻፈ ዕለቱ የታወቀ ነውና። ቶልኪን ይህ በአገራቸው ሳሉ እንደሚመቻቸው፣ ብሪ ከምትባለው ጎረቤት ከተማ አልፈው ሲሄዱ ግን እንደሚያስቸግራቸው ጽፏል። ሌላም ውጤት አለ። ወራቱ የሚጀምሩት በተራ እሑድ፣ ማክሰኞ፣ ሐሙስ፣ ቅዳሜ፣ ሰኞና ረቡዕ ነው፤ ሁለተኛው መንፈቅም ይህንኑ ይደግማል። ዓርብ የሚጀምር ወር የለም። በሻየር «ዓርብ በአንድ» ማለት የማይመጣን ቀን መናገር ነው።

ሒሳቡን መፈተሽ ይቻላል። በልቦለዱ መጀመሪያ ላይ ቢልቦ የተባለው ሆቢት ትልቅ የልደት ግብዣ የደገሰው ሴፕቴምበር በሚባለው ዘጠነኛ ወር በ22ኛው ቀን፣ ሐሙስ ዕለት ነው። ሳምንት የሌለው የዓመት እኩሌታ ተዘሎ ሲቆጠር ይህ ቀን የዓመቱ 265ኛ ነው፤ ከቅዳሜ ተነሥቶ 265ኛው ቀን ደግሞ በትክክል ሐሙስ ላይ ይውላል።

ከሳምንት ውጭ የሚቆም ቀን የምናብ ሃሳብ ብቻ አልነበረም። ኤሊዛቤት አኬሊስ የተባለች አሜሪካዊት እ.ኤ.አ. በ1930 ኒው ዮርክ ውስጥ «ዎርልድ ካሌንደር» የተሰኘ አቆጣጠር የሚያስፋፋ ማኅበር አቋቁማ ነበር። እሱም 364 ቀን ላይ ቆሞ አንዱን ትርፍ ቀን ከዲሴምበር መጨረሻ፣ የአራት ዓመቱን ጭማሪ ደግሞ ከጁን መጨረሻ በኋላ ያለ ዕለት ስም ያስቀምጣል። ሃሳቡ እስከ ተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ደርሶ ወደቀ። ጽኑ ተቃውሞ የመጣው ከሃይማኖት ሰዎች ነው፤ ሰንበት በሰባተኛው ቀን እንጂ በስምንተኛው አይመለስምና። ሆቢቶች ይህ ጣጣ የለባቸውም። በታሪኩ ውስጥ ቤተ መቅደስም ካህንም አይታይባቸውም፤ ሳምንታቸው የሥራና የገበታ ሳምንት ነው። ቶልኪን ራሱ አጥባቂ ካቶሊክ ሆኖ ሳለ ይህን ማሻሻያ ሊቀበሉት ለሚችሉት ሕዝብ ብቻ መስጠቱ የካሌንደሩ ትልቁ ብልሃት ነው።

የዓመት ቁጥሩ የሚነሣው ሆቢቶች የብራንዲዋይንን ወንዝ ተሻግረው ሻየርን ካቀኑበት ዓመት ነው። ይህ በታላላቆቹ መንግሥታት ቆጠራ የሦስተኛው ዘመን 1601 ዓመት ሲሆን፣ ለሻየር 1 ነው። ልቦለዱ የሚተርከው የቀለበቱ ጦርነት የሚፈጸምበት 3019 በሻየር 1419 ይሆናል። ከድሉ በኋላ ጎንዶር የተባለው የሰዎች መንግሥት አዲስ ዓመቱን በጦርነቱ የተሸነፈው ክፉ ጌታ ወደ ወደቀበት ማርች 25 አዛወረ፤ ሆቢቶች ግን የራሳቸውን አልነኩም። ኤልፎች የተባሉት የማይሞቱ ሕዝቦች ደግሞ ሌላ ስሌት አላቸው፦ ሳምንታቸው ስድስት ቀን፣ ወቅታቸው ስድስት፣ ረጅሙ ዓመታቸው 144 የፀሐይ ዓመት ወይም 52,596 ቀን ነው። የማይሞት ሕዝብ ጊዜን በእንዲህ ያለ ስፋት መቁጠሩ ያሳምናል።

ቶልኪን ከ1925 እስከ 1945 እ.ኤ.አ. በኦክስፎርድ የጥንታዊ እንግሊዝኛ ፕሮፌሰር ነበር። ሶልማዝ፣ አስትሮን፣ ሃሊማዝ የመሳሰሉትን የወር ስሞች ያወጣው መነኩሴው ቢድ በ725 እ.ኤ.አ. ከመዘገባቸው የጥንት እንግሊዞች ወራት ነው። በትረካው ውስጥ ግን አንባቢ እንዳይቸገር በተለመዱት የአውሮፓ ወራት ስም ይጠራቸዋል። ጥንቃቄው እስከ ሰማይ ይደርሳል። በግንቦት 1944 እ.ኤ.አ. ለልጁ በጻፈው ደብዳቤ፣ ጨረቃዎቹ በአንድ ሥፍራ ሲወጡ በሌላው በዚያው ሰዓት እየጠለቁ እንዳስቸገሩትና ያለፉትን ምዕራፎች ለማስተካከል ከሰዓት በኋላውን ሙሉ እንደፈጀ ነግሮታል።

የዓመት እኩሌታ የታሰበው በዓመቱ ረጅሙ ቀን ላይ እንዲውል ስለሆነ፣ የሻየር ቀን ቁጥር ከጎርጎርዮሱ አሥር ቀን ያህል ይቀድማል። የአሜሪካ የቶልኪን ማኅበር ከ1978 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የሆቢት ቀን ብሎ የሚያከብረው ሴፕቴምበር 22ን ነው። በካሌንደሩ በራሱ ሒሳብ ግን የቢልቦ ልደት የሚውለው በሴፕቴምበር 12 እና 14 መካከል፣ ማለትም አብዛኛውን ጊዜ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ከመስከረም 2 እስከ 4 ባሉት ቀናት ነው።