ስለ አንዲት የእንግሊዝኛ ቃል

በእንግሊዝኛ ውል ወይም የመንግሥት ደብዳቤ የሚጽፍ ሰው «ሻል» እና «ሹድ» የሚባሉትን ቃላት እንደ አንድ ቈጥሮ አንዱን በሌላው ፈንታ ቢያገባ የድምፃቸው መቀራረብ አሳስቶታል። በውል ቋንቋ «ሻል» ግዴታን ያቆማል፤ «ሹድ» ግን ቢደረግ መልካም ነው እንደ ማለት ስለ ሆነ ይመክራል እንጂ አያስገድድም።

ታኅሣሥ 2 ቀን 2008 ዓ.ም. በፓሪስ አጠገብ በለ ቡርዤ የመንግሥታት መልእክተኞች ስለ አየር ንብረት የተዘጋጀውን ስምምነት ሊቀበሉ ተሰብስበው ሳለ ጉባኤውን ያዘገየችው ይህችው ቃል ነበረች። በመጨረሻው ረቂቅ፥ በ4ኛው አንቀጽ በ4ኛው ንኡስ ክፍል፥ የበለጸጉት አገሮች አየሩን የሚያሞቀውን ጋዝ በመቀነስ መሪ ሆነው እንዲቀጥሉ የሚናገረው ቃል «ሻል» ሆኖ ተገኘ። የአሜሪካ መልእክተኞች ይህን አልተቀበሉም፤ ግዴታ ከሆነ ስምምነቱ ለአገራቸው ሕግ መወሰኛ ምክር ቤት ይቀርባል፥ በዚያም ይወድቃል ብለው ሠግተው ነበርና። ብዙ ከተመካከሩ በኋላ ቃሉ «ሹድ» ተብሎ እንዲታረም ከሌሎች ጥቃቅን የጽሕፈት ስሕተቶች ጋራ ተደባልቆ በጉባኤው ፊት ተነበበ፤ ፕሬዚዳንቱ ሎራን ፋቢዩስም ብዙ ሳይቈይ በትንሿ አረንጓዴ መዶሻ መታና ስምምነቱ ጸደቀ።

የቅኔ መምህር ኅብር ቃል ሲያገኝ ደስ ይለዋል፤ የውል ጸሐፊ ግን ሊደነግጥ ይገባዋል። ከውጭ አገር ዕቃ የሚያዝ መሥሪያ ቤት የማስረከቢያውን ቀን በ«ሹድ» ጽፎ ዕቃው ቢዘገይበት፥ ሻጩ «ምክራችሁን ሰምቼ ነበር» ቢለው ምን ይመልሳል? «ሻል» ራሱም አንዳንድ ጊዜ የሚመጣውን ጊዜ ብቻ ስለሚያመለክት፥ ዛሬ ብዙ የእንግሊዝኛ ሕግ አርቃቂዎች ለግዴታ «መስት» የሚለውን ይመርጣሉ።