ከከሰል ጉድጓድ እስከ ጠቅላይ ሚኒስትርነት

«ትምህርቱን ያቋረጠ ሰው አገር ሊመራ ይችላል ወይ?» ይህ ጥያቄ ባለፈው ሰሞን በመኝታ ክፍላችን ተነሥቶ መብራት እስኪጠፋ ድረስ አከራከረን። ግማሾቻችን «እንዴት ተደርጎ!» ስንል፣ ግማሾቻችን «ለምን አይችልም?» አልን። ነገሩ በጩኸት ብቻ እንዳይቀር የአንድ ሰው ታሪክ ይዘን ቀርበናል። ሰውየው አንድሩ ፊሸር ይባላል፤ አውስትራሊያን ሦስት ጊዜ በጠቅላይ ሚኒስትርነት የመራ ስደተኛ ነው። የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ፊሸር በ1862 ዓ.ም. በስኮትላንድ፣ ክሮስሃውስ በምትባል የከሰል ማዕድን መንደር ተወለደ። አባቱ ማዕድን ቆፋሪ ነበሩ። እሱም ገና በልጅነቱ ትምህርቱን ትቶ ጉድጓድ ገባ። ቀን ሲሠራ ይውልና ማታ ማታ ይማርና ያነብ ነበር። 17 ዓመት ሲሞላው የመንደሩ የማዕድን ሠራተኞች ማኅበር ጸሐፊ ሆኖ ተመረጠ። ታዲያ የማኅበር ጸሐፊ ሥራው ምንድን ነው? ቃለ ጉባኤ ይይዛል፤ መዋጮ ይሰበስባል፤ የሠራተኛውን አቤቱታ አዘጋጅቶ ከአሠሪ ፊት ይቆማል። ይህ እኮ ራሱን የቻለ ትምህርት ቤት ነው!

ሆኖም ብዙ አስከፈለው። በ1881 ዓ.ም. 10 ሳምንት ከቆየ የሥራ ማቆም አድማ በኋላ ከሥራ ተባረረ። ኋላም አሠሪዎች ስሙን በጥቁር መዝገብ ስላሰፈሩት የሚቀጥረው ጠፋ። በ1885 ዓ.ም. ከወንድሙ ጋር በመርከብ ተሳፍሮ ያኔ የብሪታንያ ቅኝ ግዛት ወደነበረችው ወደ ኩዊንስላንድ ተሰደደ። እዚያም መጀመሪያ በከሰል፣ ቀጥሎም ጂምፒ በተባለች ከተማ በወርቅ ማዕድን ሠራ። በ1891 ዓ.ም. የጂምፒ ማዕድን ሠራተኞች ማኅበር ሊቀ መንበር፣ በ1893 ዓ.ም. ደግሞ የኩዊንስላንድ ምክር ቤት አባል ሆነ። ቅኝ ግዛቶቹ በ1901 ዓ.ም. ተዋሕደው አንድ አገር ሲሆኑ ለአገር አቀፉ ፓርላማ ተመረጠ።

ደሀ ሠራተኛ ከጉድጓድ ወጥቶ ፓርላማ ለመቀመጥ ምን ረዳው? አንደኛ፣ ለአባላት ደመወዝ ይከፈል ነበር፤ በ1901 ዓ.ም. የአንድ እንደራሴ የዓመት ደመወዝ 400 ፓውንድ ነበር። ደመወዝ ባይኖር ኖሮ ፓርላማው የባለጸጎች ብቻ በሆነ ነበር። ሁለተኛ፣ የሌበር ፓርቲ እንደራሴዎች በአብዛኛው ድምፅ የተወሰነውን በአንድነት ለመደገፍ ቃል ይገቡ ነበር። ይህም በቀጥታ ከሠራተኛ ማኅበር የመጣ ልማድ ነው።

ፊሸር በ1908 ዓ.ም. ጠቅላይ ሚኒስትር ሆነ። በ1910 ዓ.ም. ምርጫ ፓርቲው በሁለቱም ምክር ቤቶች አብላጫ መቀመጫ አገኘ። በዘመኑ የመንግሥት ባንክ ተቋቋመ፤ ለአካል ጉዳተኞች ጡረታ መከፈል ተጀመረ። በ1912 ዓ.ም. በወጣ ሕግ ደግሞ የወለደች እናት ሁሉ 5 ፓውንድ እንድታገኝ ተደረገ። በ1907 ዓ.ም. አንድ ዳኛ ለአንድ ተራ ሠራተኛና ለቤተሰቡ ይበቃል ብለው የወሰኑት የሳምንት ደመወዝ 2 ፓውንድ ከ2 ሺሊንግ ስለነበር፣ 5 ፓውንድ ቀላል ገንዘብ አልነበረም። ያላገባች እናትም ተከፍሏታል። በዚህ ምክንያት ብዙ ጩኸት ቢነሣም ሕጉ ጸና።

እስከዚህ ድረስ ሁላችንም አጨበጨብን። ሕጉን ቀጥለን ስናይ ግን ዝም አልን። «እናት ሁሉ» ብለን ነበር፤ ሁሉ አይደለችም ለካ! የእስያ ተወላጆች፣ የአገሬው ጥንታዊ ነዋሪዎች የሆኑት አቦርጂናሎች፣ የፓፑዋና የፓሲፊክ ደሴቶች ተወላጆች የሆኑ እናቶች አይከፈላቸውም ነበር። ምክንያቱስ? የሸንኮራ አገዳ እርሻ ባለቤቶች የደሴት ሰዎችን በርካሽ ደመወዝ እያመጡ ያሠሩ ነበር። ነጮቹ ሠራተኞች ደመወዛችን ይወድቃል ብለው ፈሩ። ማኅበራቱም እነዚያን ሰዎች አባል አድርጎ ደመወዛቸው እንዲያድግ መታገል ሲገባቸው፣ ከአገር እንዲወጡ ጠየቁ። ፊሸርም ይህንኑ ደገፈ። ስሙ በጥቁር መዝገብ ሰፍሮ የተሰደደ ሰው፣ እሱም በተራው የሌሎችን ስም ከመዝገብ አስቀረ።

ፊሸር በ1915 ዓ.ም. ሥልጣኑን ለቀቀ፤ አገሩን ወክሎ ለንደን ለጥቂት ዓመታት ከሠራ በኋላ በዚያው ከተማ በ1928 ዓ.ም. ሞተ።

እንግዲህ ለክርክራችን መልሱ ይኸው ነው፦ ትምህርቱን ያቋረጠ ሰው፣ መማሩን ካላቋረጠ፣ አገር ይመራል። ለእኛ ለዕጩ መምህራን ግን ሌላም ትምህርት አለው። ነገ ክፍል ገብተን ስም ስንጠራ «ሁሉም አሉ» ከማለታችን በፊት፣ ስሙ ጭራሽ መዝገቡ ላይ ያልሰፈረ ልጅ ከደጅ እንዳለ ወጣ ብለን እንይ።