ሦስት ሰገድኩ ወይስ አራት? አእምሯችን ሥራን የሚያቅድበትና የሚዘነጋበት መንገድ

ዙህርን ለመስገድ ቆመናል። ተክቢራ አደረግን፣ ፋቲሓን ጀመርን። ከዚያ የገበያው ሒሳብ ትዝ አለን፤ የልጁ ደብተር፣ ያልመለስነው ስልክ ተከታተለ። ወደ ራሳችን ስንመለስ ሶስተኛው ረከዓ ላይ ነን ወይስ አራተኛው? ምላሳችን አልተሳሳተም፤ ሩኩዑም ሱጁዱም በተራው ሄዷል። የጠፋብን ቁጥሩ ብቻ ነው።

ይህ የሚደርሰው በሰላት ላይ ብቻ አይደለም። እ.ኤ.አ. ጁላይ 5 ቀን 2019 በስዊዘርላንድ ሎዛን ከተማ በተካሄደው የ5 ሺህ ሜትር ውድድር አትሌት ሐጎስ ገብረሕይወት ከፊት ወጥቶ ፈጥኖ መስመሩን አለፈ፤ ያሸነፈ መስሎትም ሩጫውን አቆመ። ገና አንድ ዙር ይቀር ነበር። ሌሎቹ አልፈውት ሄዱ፤ ስህተቱን ሲያውቅ ተከተላቸው፣ ግን አሥረኛ ሆኖ ጨረሰ። አሸናፊው ዮሚፍ ቀጀልቻ ነበር። እግሩ አልደከመም፣ ሩጫም አልጠፋበትም። የጠፋው ቆጠራው ነው። ታዲያ አካል ሥራውን በትክክል እየሠራ ቆጠራ እንዴት ይጠፋል?

ነገሩን ከእቅድ እንጀምር። ላሊበላ ያለውን የቤተ ጊዮርጊስ ሕንፃ ያየ ሰው ምን ማለቴ እንደሆነ ይገባዋል። ከአንድ ወጥ ድንጋይ ከላይ ወደ ታች የተፈለፈለ ነው። ድንጋይ ደርድሮ የሚገነባ ሰው ቢሳሳት አፍርሶ ይደግማል፤ ፈልፋይ ግን አንዴ የጣለውን ድንጋይ አይመልሰውም። ስለዚህ ጣሪያውን ሲጀምር በሩና መስኮቱ የት እንደሚውሉ አስቀድሞ በአእምሮው ማየት ነበረበት። በስተሰሜን በምትገኘው ብልባላም ከዐለት የተፈለፈሉ ጥንታዊ ሕንፃዎች አሉ። የላስታ ሰው ይህን ጥበብ በደጁ ያየዋል።

እንዲህ ያለውን አርቆ ማሰብ በዋናነት የሚመራው ከግንባራችን ጀርባ ያለው ፕሪፍሮንታል ኮርቴክስ የሚባል የአንጎል ክፍል ነው። ግቡን ይይዛል፣ ቅደም ተከተሉን ያወጣል፣ የማይፈለገውን ድርጊት ይገታል። ከእሱ ኋላ ያሉት ክፍሎች እቅዱን ወደ እንቅስቃሴ ይለውጡና ለጡንቻ ትእዛዝ ያስተላልፋሉ። ከማጅራታችን በላይ ያለው ትንሹ አንጎል ደግሞ እያንዳንዱ እንቅስቃሴ ምን ስሜት እንደሚያመጣ ቀድሞ ይገምታል፤ ግምቱና የሆነው ነገር ካልተስማሙ ያርማል። ራሳችንን ኮርኩረን መሳቅ የማንችለው በዚሁ ምክንያት ነው፦ አንጎላችን የገዛ እጃችንን ንክኪ ቀድሞ አውቆታል።

ፕሪፍሮንታሉ ግን ጉድለት አለበት። በአንድ ጊዜ የሚይዘው ሦስት ወይም አራት ነገር ብቻ ነው፤ ቶሎም ይደክማል። ስለዚህ ደጋግመን የሠራነውን ሥራ ቤዛል ጋንግሊያ ለሚባሉት በአንጎል ውስጠኛ ክፍል ላሉ የልማድ ማዕከላት ያስረክባል። ኃይሌ ገብረሥላሴ በልጅነቱ ደብተሩን ታቅፎ ትምህርት ቤት እየሮጠ ይመላለስ ነበር፤ የዓለም ሻምፒዮን ከሆነ በኋላም ደብተር ሳይኖር ግራ ክንዱን አጥፎ ይሮጥ ነበር። ልማድ ማለት ይህ ነው። አስተሳሰባችንን ለሌላ ነገር ነፃ ያወጣዋል፤ ግን ካልጠበቅነው በራሱ መንገድ ይሄዳል።

አደጋው ያለው መንገዱ ለሁለት በሚከፈልበት ቦታ ላይ ነው። ሱብሂ ሁለት ረከዓ፣ ዙህር አራት ረከዓ ነው። ሁለቱም እስከ ሁለተኛው ረከዓ መቀመጫ ድረስ በእንቅስቃሴ አንድ ናቸው። ከተቀመጥን በኋላ ግን በአንዱ እናሰላምታለን፣ በሌላው እንነሳለን። ሐሳባችን በዚያች ቅጽበት ከሌለ ልማድ በዘፈቀደ አንዱን ይመርጣል። የሎዛኑም ስህተት ከዚህ አይርቅም፤ የመጨረሻው ዙርና ከመጨረሻው በፊት ያለው ዙር በእግር ሲሮጡ አንድ ናቸው።

ሸሪዓችን ለዚህ የሰው ልጅ ባሕርይ አስቀድሞ መፍትሔ አስቀምጧል። ቡኻሪና ሙስሊም ከአቡ ሁረይራ (ረ.ዐ.) በዘገቡት ሐዲሥ ነብዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ባለ አራት ረከዓ ሰላት በሁለት ረከዓ አሰላምተው ነበር። ዙል-የደይን የሚባለው ሰሓባ ሰላቷ አጥራ ነው ወይስ ረስተው እንደሆነ ጠየቃቸው። እሳቸውም ሰዎቹን አረጋግጠው የቀረውን ሰገዱ፤ ከዚያ ሁለት ሱጁድ አደረጉ። ዑለማዎች ይህ የሆነው ለኡመቱ ሕግ እንዲሆን ነው ይላሉ። ሙስሊም ከአቡ ሰዒድ አል-ኹድሪ (ረ.ዐ.) በዘገበው መሠረት ደግሞ ሦስት ይሁን አራት የተጠራጠረ ሰው ጥርጣሬውን ጥሎ እርግጠኛ በሆነበት ቁጥር ላይ ይገነባል፤ ከማሰላመቱ በፊትም ሁለት ሱጁድ ያደርጋል። ኢማም ሲሳሳት ወንዶች “ሱብሓነላህ” ብለው፣ ሴቶች አጨብጭበው ያስታውሱታል። የአንጎላችን የስህተት ተቆጣጣሪ ብዙውን ጊዜ ስህተቱ ከሆነ በሰከንድ አንድ አሥረኛ ገደማ ውስጥ ምልክት ይሰጣል፤ እሱ ሲያመልጠው ከኋላ ያለው ሰው ይተካዋል ማለት ነው።

እኔ ይህን ባለማወቄ የበደልኩት ተማሪ አለ። ብልባላ ሳስተምር “ደብተር አውጡ፣ ቀን ጻፉ፣ ገጽ 42ን ግለጡ፣ ሦስተኛውን ጥያቄ ሥሩ” ብዬ በአንድ ትንፋሽ አዝዝ ነበር። አንድ ልጅ ሁልጊዜ ቀኑን ጽፎ እርሳሱን እንደያዘ ይቀራል። ንቀት መሰለኝ፤ ደጋግሜ ከክፍል አስወጣሁት። በ2013 ዓ.ም. ክረምት ጦርነቱ ላስታ ደረሰ። ትምህርት ሲመለስ የመኪና ድምፅ በተሰማ ቁጥር ክፍሉ በሙሉ ወደ መስኮት ይዞር ነበር። ያኔ የታዘዘውን የሚረሳው አንድ ልጅ ብቻ አልነበረም። ፍርሃት ፕሪፍሮንታሉን ያዳክማል፤ አንጎል እቅዱን ትቶ አደጋ ይጠብቃል። በልጆች ላይ ደግሞ ይህ የአንጎል ክፍል እስከ ሃያዎቹ ዕድሜ አጋማሽ ድረስ ገና እየበሰለ ነው። ትእዛዙን አንድ በአንድ መስጠት ስጀምር፣ አንዱ ሲያልቅ ሌላውን ስል፣ ያ ልጅ ሥራውን መጨረስ ጀመረ። ይቅርታ ጠየቅኩት፤ እሱ ግን ለምን እንደምጠይቀው እንኳ የገባው አልመሰለኝም።

ስለዚህ ምን እናድርግ? አንደኛ፣ ትኩረትን የሚሻሙትን ነገሮች ቀድሞ ማስወገድ ነው። ሙስሊም ከዓኢሻ (ረ.ዐ.) በዘገበው ሐዲሥ ምግብ ቀርቦ ሳለም ሆነ ሽንትና ዓይነ ምድር ይዞ መስገድ ተከልክሏል። በኛ ዘመን ስልክን ከኪስ ማውጣትም በዚሁ መንፈስ የሚታይ ነው። ሁለተኛ፣ ሱራውን መለዋወጥ ነው። በየረከዓው ያንኑ የምንቀራ ከሆነ ረከዓዎቹ ይመሳሰሉብናል፤ በመጀመሪያው አንዱን፣ በሁለተኛው ሌላውን ስንቀራ ግን ሱራው ራሱ ምልክት ይሆነናል። ሦስተኛ፣ እቅድን ከቦታና ከጊዜ ጋር ማሰር ነው። “ቁርኣን እቀራለሁ” ከማለት “ሱብሂን ሰግጄ ሳልነሳ አንድ ገጽ እቀራለሁ” ማለት ይሻላል፤ ጊዜው ሲደርስ ራሱ ያስታውሰናልና። አራተኛ፣ ልጅን አንድ ነገር አዝዞ እስኪፈጽም መጠበቅ ነው።

ሁለት ጥንቃቄዎችም አሉ። በሁሉም ሰላት፣ በሁሉም ዉዱእ ጥርጣሬ የሚመላለስበት ሰው ወስዋስ ይዞታል፤ ዑለማዎች ለእንዲህ ያለው ሰው የሚመክሩት ጥርጣሬውን ችላ እንዲል እንጂ እየደጋገመ እንዲሰግድ አይደለም። ኑሮውን ካወከውም የጤና ባለሙያ ማማከር ነውር የለበትም። ሌላው፣ ከዚህ በፊት ያልነበረ መዘንጋት በአዛውንት ላይ እየባሰ ሲሄድ “አርጅቶ ነው” ብሎ ማለፍ፣ ይባስም መሳቅ ተገቢ አይደለም፤ መታየት አለባቸው። በድንገት ግራ መጋባት ከመጣ፣ አፍ ከተጣመመ ወይም እጅ ከዛለ ደግሞ ለነገ ሳይባል ወደ ሐኪም ቤት መሮጥ ያስፈልጋል።

ሐጎስን ከሎዛኑ ስህተቱ ጋር ብቻ ማስታወስም አይገባም። እ.ኤ.አ. በ2024 ኦስሎ ላይ 5 ሺህ ሜትርን በ12 ደቂቃ ከ36.73 ሰከንድ ሮጦ በርቀቱ ታሪክ ሁለተኛውን ፈጣን ሰዓት አስመዝግቧል። መዘንጋት የሰው ባሕርይ ነው፤ የዘነጋ ሰው የጎደለውን ሞልቶ ይቀጥላል። ከክፍል ያስወጣሁት ልጅም የሚያስፈልገው ይኸው ዕድል ብቻ ነበር።

ወላሁ አዕለም።