የላቲን መምህር የነበረው አሠልጣኝ

«እግር ኳስ» ሲባል ወዲያው የሚታሰበን በእግር የምትጠለዘው ድቡልቡል ኳስ ናት። አሜሪካኖች ግን በዚሁ ስም የሚጠሩት ሌላ ጨዋታ አላቸው። ኳሱ እንደ ሎሚ ሁለት ጫፉ ሾጠጥ ያለ ነው፤ አብዛኛውን ጊዜ በእጅ ይያዛል፥ በእጅም ይወረወራል፤ በእግር የሚመታው አልፎ አልፎ ብቻ ነው። ስሙ ስለ ምን እንዲህ ሆነ ብለን እንዳንከራከር፥ የሰየሙት እነርሱ ናቸውና እንተወው። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ በዚህ ጨዋታ ስመ ጥር የሆነውን የቪንስ ሎምባርዲን የሥራ ታሪክ ለአንባቢዎቻችን መግለጽ ነው። ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

አስቀድሞ ስለ ጨዋታው ጥቂት መናገር ያስፈልጋል። ከእያንዳንዱ ወገን 11 ሰዎች ይሰለፋሉ። ኳሱን የያዘው ወገን በአራት ሙከራ ቢያንስ 10 ያርድ፥ ማለት ከ9 ሜትር ጥቂት የሚበልጥ ርቀት፥ ወደ ፊት መግፋት አለበት። ከቻለ አራት ሙከራ እንደገና ይሰጠዋል፤ ካልቻለ ኳሱ ለባላጋራው ይተላለፋል። ኳሱን ከባላጋራው የመጨረሻ መስመር ያደረሰ 6 ነጥብ ያገኛል። በአንዱ ሙከራና በሌላው መካከል ጨዋታው ስለሚቆም፥ ማን ወዴት እንደሚሮጥ፥ ማን ማንን እንደሚገታ በየጊዜው ይታቀዳል። ይህን ዕቅድ ማውጣትና ለተጫዋቾች ማስተማር የአሠልጣኙ ሥራ ነው።

ሎምባርዲ በ1913 ዓ.ም. በኒው ዮርክ ከተማ፥ ብሩክሊን በተባለው ክፍል ተወለደ። ቤተ ሰቡ ከኢጣልያ የፈለሰ ሲሆን አባቱ ሥጋ ሻጭ ነበር። በልጅነቱ ካህን ለመሆን አስቦ ትምህርቱን ጀምሮ ነበር፤ በኋላ ግን ሐሳቡን ለወጠ። በፎርድሃም ዩኒቨርሲቲ ሲማር፥ በ1936 ዓ.ም. «ሰባቱ ጥርብ ድንጋዮች» እየተባሉ ከሚጠሩት የፊት መስመር ተጫዋቾች አንዱ ሆነ። ይሁን እንጂ ቁመቱም ክብደቱም ለዚያ ቦታ አነስ ያለ ነበር።

ከዚያ በኋላ ያለው ታሪክ ለተማሪዎችና ለመምህራን ይበልጥ የሚስብ ይመስለኛል። በ1939 ዓ.ም. በኒው ጀርሲ፥ ኢንግልውድ በተባለች ከተማ፥ በቅድስት ሲሲሊያ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ላቲን፥ ኬሚስትሪና ፊዚክስ ለማስተማር ተቀጠረ። የመጀመሪያው ደመወዙ በዓመት 1,000 ዶላር እንኳ አይሞላም ነበር። ከትምህርት ሰዓት በኋላ የኳሱን ቡድን ያሠለጥን ነበር፤ የቅርጫት ኳሱም ቡድን ለእርሱ ተሰጠ። በዚህ ሥራ ስምንት ዓመት ቆየ። በክፍሉ ውስጥ ትምህርቱ ለዘገምተኛው ተማሪ እስኪገባው ድረስ ደጋግሞ ያስረዳ ነበር፤ ይህንም ልማድ በኋላ ለታላላቅ ተጫዋቾች ሲያስተምር አልተወውም።

በ1949 ዓ.ም. ወደ ዌስት ፖይንት ጦር ትምህርት ቤት ሄዶ የአሠልጣኙ የኮሎኔል ሬድ ብሌክ ረዳት ሆነ። የጨዋታን ፊልም ሌሊት ተቀምጦ መመርመርን የተማረው ከዚህ ሰው ነው። የጨዋታዎቹን ፊልም ይዞ ኒው ዮርክ ወደሚገኙት ወደ ጄኔራል ማክአርተር እየሄደ የማሳየት ተግባርም ነበረበት፤ ጄኔራሉ ይህን ጨዋታ አጥብቀው ይወዱ ነበርና። ከ1954 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ የኒው ዮርክ ጃያንትስ ቡድን የማጥቃት ክፍል ረዳት አሠልጣኝ ሆነ። በዚያው ቡድን የመከላከሉን ክፍል የያዘው ቶም ላንድሪ የተባለ ሰው ነበር፤ ይህን ስም አንባቢ እንዲያስታውሰው እለምናለሁ።

ረዳትነቱ ግን ረዘመበት። ሌሎች ዋና አሠልጣኝ ሲሆኑ እርሱ ይታለፍ ነበር፤ የኢጣልያ ስሙ እንቅፋት እንደሆነበት ያምን ነበር። ዋና አሠልጣኝ ተብሎ ወደ ግሪን ቤይ ሲጠራ 45 ዓመት ሆኖት ነበር።

ግሪን ቤይ በዊስኮንሲን የምትገኝ፥ በዚያን ጊዜ ሕዝቧ 63,000 ያህል የሆነ ብርዳም ከተማ ናት። ፓከርስ የተባለው ቡድኗ የአንድ ባለጸጋ ንብረት አይደለም፤ ከ1923 ዓ.ም. ጀምሮ ትርፍ የማያገኙ ባለ አክሲዮኖች ይዘውታል። በ1958 ዓ.ም. ከ12 ጨዋታ ያሸነፈው አንዱን ብቻ ነበር። ሎምባርዲ በ1959 ዓ.ም. ያንኑ ቡድን ተረክቦ ሰባት ጨዋታ አሸነፈ። በ1960 ዓ.ም. ለፍጻሜ ደርሶ በፊላደልፊያ 17 ለ13 ተሸነፈ፤ ከዚያ ወዲህ ግሪን ቤይን እስኪለቅ ድረስ ካደረጋቸው ዘጠኝ የማጣሪያና የፍጻሜ ጨዋታዎች አንዱንም አልተሸነፈም።

ምስጢሩ ምን ነበር? ባላጋራዎቹ ብዙ ዐይነት ዕቅድ ሲያወጡ እርሱ ጥቂቱን መርጦ ያንኑ ይደጋግም ነበር። ከሁሉ የታወቀው «ስዊፕ» የሚባለው ነው። ጋርድ የሚባሉት ሁለት ግዙፍ ተጫዋቾች ከመስመራቸው ወጥተው ወደ ዳር ይሮጣሉ፤ ኳሱን የያዘው ከኋላቸው ይከተላል። ፊተኛው ጋርድ ባላጋራውን ወደ ውጭ ከገፋው ሯጩ በውስጥ ያልፋል፤ ወደ ውስጥ ከገፋው በውጭ ይዞራል። ባላጋራ ሁሉ ይህን ያውቀዋል፤ መከልከል ግን አቃተው። ጆን ማደን የተባለው አሠልጣኝ ሎምባርዲ በአንድ ስብሰባ ላይ ስለዚህ አንድ ዕቅድ ብቻ ስምንት ሰዓት ሲያስተምር እንደ ሰማ ተናግሯል። ኳርተርባክ የነበረው ባርት ስታር በ1956 ዓ.ም. ሲመረጥ 200ኛ ነበር፤ በሎምባርዲ እጅ ግን ከአገሩ ታላላቅ ተጫዋቾች አንዱ ሆነ።

ቁጡ ሰው ነበር፤ ይጮኻል፥ ይሳደባል፤ ለቤተ ሰቡ የሚተርፈውም ጊዜ ጥቂት ነበር። በዚህ ረገድ ላመሰግነው አልችልም። ነገር ግን ቁጣው በቆዳ ቀለም አያዳላም ነበር። ጥቁር ተጫዋቾቹን አላስተናግድም የሚል ምግብ ቤት ቢኖር ነጮቹም ተጫዋቾች እንዳይረግጡት ይከለክል ነበር፤ ቡድኑ ወደ ደቡብ ሲሄድም ተጫዋቾቹ በቀለም ተከፋፍለው እንዲያድሩ አልፈቀደም። ይህ የመብት ሕግ በ1964 ዓ.ም. ከመታወጁ በፊት ነው።

በታኅሣሥ 31 ቀን 1967 ዓ.ም. የተደረገው ጨዋታ እስከ ዛሬ ይነገራል። ብርዱ ከዜሮ በታች 25 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ደረሰ። ሎምባርዲ ሜዳው እንዳይበርድ ከሣሩ ሥር የማሞቂያ ሽቦ አስቀብሮ ነበር፤ በዚያን ቀን ግን ማሞቂያው አልሠራም፤ ሜዳው እንደ ድንጋይ ጠጠረ፥ የዳኞቹም ፊሽካ በረዶ ሆነ። ባላጋራው ዳላስ ነበር፤ የዳላስ አሠልጣኝ ያ ቶም ላንድሪ ነው። 16 ሴኮንድ ሲቀር ዳላስ 17 ለ14 ይመራል፤ የግሪን ቤይ ኳስ ከመስመሩ አንድ ያርድ እንኳ አይርቅም። ኳሱን በእግር መትቶ እኩል መውጣት ይቻል ነበር። ስታር ወደ አሠልጣኙ ቀርቦ ኳሱን ራሱ ይዞ እንዲገባ ጠየቀ፤ ሎምባርዲም ፈቀደ። ቢከሽፍ ኖሮ ለሌላ ሙከራ ጊዜ አልነበረም። ስታር ከጄሪ ክሬመር ኋላ ተጠግቶ ገባ፤ ግሪን ቤይም 21 ለ17 አሸነፈ።

ከሁለት ሳምንት በኋላ ኦክላንድን 33 ለ14 አሸንፎ ሁለተኛውን ሱፐር ቦውል ወሰደ፤ የመጀመሪያውንም በ1967 ዓ.ም. ካንሳስ ሲቲን 35 ለ10 በማሸነፍ የወሰደው እርሱ ነበር። ወዲያው ማሠልጠኑን ትቶ በቢሮ ሥራ አንድ ዓመት ተቀመጠ፤ ይሁን እንጂ አልሆነለትም። በ1969 ዓ.ም. የዋሽንግተንን ቡድን ይዞ ሰባት አሸነፈ፥ አምስት ተሸነፈ፥ ሁለት እኩል ወጣ። ያ ቡድን ከ1955 ዓ.ም. ወዲህ ከሽንፈቱ ያሸነፈው የበለጠበት ዓመት አልነበረውም። በማግሥቱ ዓመት በአንጀት ካንሰር ታመመ፤ መስከረም 3 ቀን 1970 ዓ.ም. በ57 ዓመቱ ዐረፈ።

የሱፐር ቦውል ዋንጫ ከዚያ ወዲህ በስሙ ይጠራል። ግሪን ቤይ ግን ይህን የቀድሞ አሠልጣኟን ስም የያዘውን ዋንጫ ለመውሰድ እስከ ጥር 1997 ዓ.ም. ድረስ መጠበቅ ነበረባት።